ኢቢሴና ባለ ሁለት በሩ ቤት

ኢቢሴ ምን ዓይነት ሰው እንደሆነች ለማወቅ አንድ ቀን መኪናዋ ውስጥ መቀመጥ ይበቃል። ሌላው ሰው ሲነዳ ወደ ፊት ያያል፣ እሷ ግን የምታየው ወደ ጎን ነው። መብራቱ አረንጓዴ ከሆነ ቆይቷል፣ ከኋላ ጥሩምባ ይነፋባታል፣ እሷ "እቺን ሰገነት ተመልከት እስቲ" ትላለች። ባሏ ረጋሳ የኤርፖርት ታክሲ ነጂ ስለሆነ አረንጓዴ በርቶ የሚቆም ሰው አይወድም። ሚስቱ ስለሆነች ግን ወደ ጣሪያው ቀና ብሎ ይተነፍሳል።

የምትሠራው ነርሲንግ ሆም በሚሉት የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ነው። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሰው ወደ ሞል ሲሄድ እሷ የሚኔሶታዋን ሴንት ፖል እየዞረች ቤት ታያለች። ለመግዛት እንዳይመስላችሁ፣ ለማየት ብቻ ነው። ሰሚት አቬኑ ላይ የተኮለኮሉትን የሀብታም ቤቶች ብዙም አትወዳቸውም። "እያንዳንዱ ለብቻው ይጮኻል" ትላለች። የምትወደው አጠገቡ ካለው ጋር የሚነጋገር ቤት ነው። ይህን አነጋገሯን መጀመሪያ የሰማሁ ቀን ስቄባታለሁ። አሁን እኔም ስነዳ ወደ ጎን ማየት ጀምሬያለሁ።

ይህ ነገር የጀመራት እንግሊዝ አገር ነው። ኢቢሴ ነቀምት ተወልዳ፣ ናይሮቢ በስደት ቆይታ፣ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ብራይተን የሚባለው የባሕር ዳር ከተማ ደረሰች። በትክክል ለመናገር የገባችው ከብራይተን ጋር እጅና ጓንት ሆኖ ወደተጣበቀው ሆቭ ነው። እዚያ ብረንስዊክ የሚባል ሰፈር አለ። ቤቶቹ ባሕሩን ፊት ለፊት አይተው፣ ትከሻ ለትከሻ ተያይዘው ይቆማሉ፤ ግንባራቸው ደግሞ እንደ እርጉዝ ሴት ሆድ ወደ ፊት ቀስ ብሎ ያበጠ ነው። ከላይ እስከ ታች ልስን፣ ልስኑ ላይ ክሬም ቀለም፣ በየደጁ ዓምድ፣ በየመስኮቱ ሥር የብረት ሰገነት አለ። ከባሕሩ በኩል የመጣ ሰው አንድ ንጉሥ ብቻውን የሚኖርበት ቤተ መንግሥት ያየ ይመስለዋል፤ ቀረብ ሲል ነው በር መቁጠር የሚጀምረው።

ሰፈሩን የቆረቆሩት ሰዎች አስቀድመው የወሰኑት ፊቱን ነው አሉ። ከፊቱ ጀርባ ገዢው እንደ አቅሙና እንደ ፍላጎቱ ይሠራ ነበር። ስለዚህ በጓሮ ዞሮ ያየ ሰው አንዱ ጎበጥ፣ አንዱ ዘመም፣ አንዱ እንደ ሳጥን ሆኖ ያገኘዋል። ግድግዳው ውስጥ ያለውም ቢሆን ስብርባሪ ጡብ፣ የባሕር ዳር ጠጠር፣ በዘመኑ የተገኘው ሁሉ በኖራ ተለውሶ የተጠቀጠቀ ነው። ፊቱ ግን አንድ ነው። የባሕሩ ጨው ቀለሙን ስለሚበላው በየአምስት ዓመቱ ሁሉም ባለቤት በዚያው ክሬም እንዲቀባ የአካባቢው ሕግ ያስገድደዋል። ኢቢሴ ይህን ስታወራ "ሕግ እኮ ነው" የምትለው ነገር አለ፣ ልክ ስለ አሥርቱ ትእዛዛት እንደሚያወራ ሰው።

የእሷ ክፍል ታዲያ ከዚህ ሁሉ ውበት በታች ነበር። ከመንገዱ በብረት ደረጃ ተወርዶ የሚገባበት ቤዝመንት። ከላይ የምትኖረው ሚስስ ሃርግሪቭ የምትባል አሮጊት ስትሆን ኢቢሴ የምትንከባከበው እሷን ነበር። የአሮጊቷ ዓይን እየጠፋ ነው። ከሰዓት በኋላ በተሽከርካሪ ወንበር እየገፋቻት ባሕሩ ዳር ስትወስዳት "ዛሬ ምን ይታያል?" ትላታለች። የመጀመሪያው ቀን ኢቢሴ "ቤት" ብላ መለሰች።

አሮጊቷ ተቆጣች። "ቤት መሆኑን አውቃለሁ። ምን ዓይነት ቤት ነው?"

ከዚያ ቀን ጀምሮ ኢቢሴ የማየት ሥራ ያዘች። ዓምዱ ከታች ወፍራም ነው ወይስ እኩል? መስኮቱ ስንት መስታወት አለው? ልስኑ የት ጋ ተላጠ? እንግሊዝኛውንም ቤት ማየቱንም አብራ ተማረች። አሮጊቷ ስትሞት ሰፈሩን ከኢቢሴ በላይ በቃሉ የሚያውቅ አልነበረም፤ የምትገባው ግን ያኔም በታችኛው በር ነበር።

ረጋሳን ያገናኟት ዘመዶች ናቸው። በፈረንጅ አቆጣጠር በሁለት ሺህ ሁለት አግብታው ሚኔሶታ መጣች። ብሩክሊን ሴንተር በምትባል ከተማ አፓርትመንት ውስጥ ጥቂት ዓመት ተቀመጡ። ቤት ለመግዛት ሲነሡ ረጋሳ ያሰበው ከከተማ ወጣ ያለውን ኩን ራፒድስን ነው፤ አዲስ ቤት፣ ሁለት መኪና የሚያስገባ ጋራዥ፣ ሰፊ ሣር። ኢቢሴ ግን አንድ እሑድ ሴንት ፖል ውስጥ ከዩኒቨርሲቲ አቬኑ ጥቂት ገባ ብሎ ያለ መንገድ ላይ መኪናዋን ሞተሩን ሳታጠፋ ጥላ ወረደች።

ያየችው መቶ ዓመት የሚጠጋው የእንጨት ቤት ነው። አንድ ጣሪያ፣ ደጁ ላይ አንድ ፖርች የሚሉት በረንዳ፣ ሁለት በር። በግራና በቀኝ አንድ አንድ መስኮት ወደ ውጭ ቀስ ብሎ ያበጠ። ግራው ግማሽ ፊት "ፎር ሴል" የሚል የሽያጭ ሰሌዳ ተተክሏል። ረጋሳ ሙሉ ቤት በሚገኝበት አገር ግማሽ ቤት መግዛት ምን ማለት ነው ብሎ ተከራከረ። እሷ የመለሰችለትን ራሱ ነው የነገረኝ። "አሥር ዓመት ከፊቱ በታች ኖሬያለሁ" አለችው። "አሁን ግማሽ ፊት ይኑረኝ።" ገዙት።

ቀኙ ግማሽ የጋሽ እሸቴ ነው። ጋሽ እሸቴ ሚስቱ የሞተችበት፣ ከፓርኪንግ ሥራ ጡረታ የወጣ፣ ጨዋታ የሚወድ ሰው ነው። ኢቢሴ በመጣች በሳምንቱ "ንግሥት" የሚል ስም አወጣላት፣ የእንግሊዟ ለማለት ነው። ማታ ማታ ፖርቹ ላይ ወንበር አውጥተው ይቀመጣሉ፤ እሷ ስለ ሆቭ ታወራለች፣ እሱ ይቀልዳል። "ንግሥት፣ ዛሬ ባሕሩ እንዴት ዋለ?" ይላታል። እሷም ግራጫውን ባሕር፣ ግራጫውን ሰማይ፣ ክሬሙን ቤት ትተርክለታለች። በሚቀጥለው በጋ መላ ቤቱን በዚያ ክሬም እንቀባለን ብላ ለራሷ ወስናለች። ለእሱ ግን አልነገረችውም።

የሚቀጥለው በጋ ሁለት ሺህ ሰባት ነው። አንድ ቅዳሜ ኢቢሴ ከሥራ ስትመለስ ጋሽ እሸቴ ፖርቹ ላይ ፈገግ ብሎ ጠበቃት። ሳይዲንግ የሚሸጥ ሰው በሩን አንኳኩቶ ነበር። ሳይዲንግ ማለት የቤቱን ግድግዳ በፕላስቲክ ዝርግ ማልበስ ነው፤ አይላጥም፣ አይቀባም። ያበጠው መስኮት ለፕላስቲኩ ስለማይመች ይነሣና ጠፍጣፋ መስኮት ይገባበታል፣ በእሱ በኩል ያሉት የፖርቹ ዓምዶችም ወጥተው በብረት ይተካሉ። ጋሽ እሸቴ ፈርሞ ጨርሷል። ሠራተኞቹ ሐሙስ ይመጣሉ። ሐሳቡን ከቀየረ ውሉን ማፍረስ የሚችለው እስከ ረቡዕ ነው።

ኢቢሴ ቦርሳዋን እንኳ አላስቀመጠችም። የቤቱ ግማሽ ፕላስቲክ፣ ግማሽ እንጨት፤ አንዱ መስኮት ያበጠ፣ አንዱ የተደፈጠጠ ሆኖ ታያት።

"ጋሽ እሸቴ፣ ቤቱ እኮ አንድ ነው" አለችው።

"በሩ ሁለት ነው" አላት። "ያንቺ ግማሽ ያንቺ፣ የኔ ግማሽ የኔ። ንግሥትም ብትሆኚ ቀረጥሽ እዚህ አይደርስም።"

ሌላ ቀን ቢሆን ትስቅ ነበር። ያን ቀን ግን "እርስዎ ቤት አያውቁም" አለችው። እሱም ወንበሩን አጥፎ ገባ፣ በሩንም ዘጋ። የሁለቱም ሳሎን በአንድ ስስ ግድግዳ ነው የሚለያየው፤ ማታውን ሁለቱም ቴሌቪዥን ሳይከፍቱ አመሹ ይላል ረጋሳ።

ረጋሳ ጎረቤት ከመስኮት ይበልጣል ብሎ ሊያስተዋት ሞከረ፣ አልሆነም። ከዚያ ትዝ ያለው ሽማግሌ መላክ ነው። እኛ ዘንድ ባልና ሚስት ቢጣሉ፣ ሸሪኮች ቢካካዱ፣ ሽማግሌ ይገባል። ቤት ፕላስቲክ ሊለብስ ነው ተብሎ ሽማግሌ ሲላክ ግን በሚኔሶታ የመጀመሪያው ሳይሆን አይቀርም። አቶ ኤዶሳ ተጠሩ፣ የሰፈሩ ዋና አስታራቂ ናቸው። አቶ ቂርቆስ ተጠሩ፣ ከጋሽ እሸቴ ጋር በአንድ ቤተ ክርስቲያን ያስቀድሳሉ። ሦስተኛው ሰው በድንገት ሥራ ተጠራና እኔ ተተካሁ። ለሽማግሌነት ዕድሜዬ ቢያንስም ጸጉሬ ስለሸበተ ይበቃል ተባለ።

እንግዲህ ስህተቱ የተጀመረው እዚህ ጋ ነው። አቶ ኤዶሳ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ የሚያስታርቁት ጥል አነሰና የሚላኩት ሁሉ ልጅ ለመጠየቅ ሆኗል። እግራቸውም አፋቸውም ያን ለምዷል። በዚያ በሐምሌ ሙቀት ከሱፋቸው ላይ ነጭ ጋቢ ደረቡ። ለእኔ ክራባት ሰጡኝ። አቶ ቂርቆስ ከዘራ ይዘዋል። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ልክ ልጅ በሚጠየቅበት ሰዓት፣ ሦስት ሆነን በሩን አንኳኳን።

ጋሽ እሸቴ ደግሞ ፋና የምትባል አንዲት ልጅ አለችው። ኩን ራፒድስ ፋርማሲ ውስጥ ትሠራለች። ሠላሳዎቹን አጋምሳለች፣ አላገባችም፣ እሑድ እሑድ እየመጣች ለአባቷ ምግብ ትሠራለች። አባቷ ስለ ትዳሯ ጉዳይ የማያዋየው ሰው የለም።

በሩን የከፈተው ራሱ ነው። ጋቢውን አየ። ከዘራውን አየ። ክራባቴን አየ። ፊቱ እንደ መብራት በራ። ግቡ አለን፣ ወንበር አስተካከለ፣ ቴሌቪዥኑን አጠፋ፣ ተቀመጡ አለን።

አቶ ኤዶሳ በልማዳቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። "አቶ እሸቴ፣ ተልከን ነው የመጣን። ጉዳያችንን ሰምተህ እሺ ሳትለን አንቀመጥም።"

"እኔ ሽማግሌ አቁሜ የማስለምን ሰው አይደለሁም" አለ ጋሽ እሸቴ፣ ድምፁ ቀጠን ብሎ። "ገና ሳትናገሩ እሺ ብያለሁ። ተቀመጡ።"

ተቀመጥን። አቶ ኤዶሳ በሥራ ዘመናቸው እንዲህ ፈጥነው ድል አድርገው ስለማያውቁ ደስታቸውን መደበቅ አቃታቸው፤ ጎረቤት ማለት እንዲህ ነው፣ አባት ማለት እንዲህ ነው እያሉ መመረቅ ጀመሩ። ጋሽ እሸቴ አሜን አሜን ይላል። ፋናን ጠራት። እጇን በፎጣ እያደረቀች ወጣችና ሰላም አለችን።

ጋሽ እሸቴ ወደ አቶ ኤዶሳ ጠጋ አለ። "ልጁ ሥራው ምንድን ነው?"

"የቱ ልጅ?" አሉ አቶ ኤዶሳ።

ይህን ጊዜ በሩ ተንኳኳ። ግድግዳው ስስ ነው ብያለሁ፤ ኢቢሴ ማዶ ሆና "እሺ ብያለሁ" የሚለውን ሰምታ ቆማ መጠበቅ አቅቷታል። ገብታ ጋሽ እሸቴ ጉልበት ላይ ጎንበስ አለች። እግዜር ይስጥልኝ፣ ሳይዲንጉን ስለተዉልኝ ውለታዎን አልረሳም አለችው።

ጋሽ እሸቴ እሷን አየ፣ እኛን አየ፣ ፋናን አየ። አቶ ኤዶሳ ጋቢያቸውን ከትከሻቸው ቀስ ብለው አወረዱ፤ ጥፋቱ የጋቢው መሆኑ ያኔ ገብቷቸዋል። መጀመሪያ የሳቀችው ፋና ናት፣ ግድግዳ ተደግፋ።

"አባዬ፣ ኦ ማይ ጋድ፣ ልትሰጠኝ ነበር እኮ" አለች። "ሰውዬው ማን እንደሆነ እንኳ ሳትጠይቅ።"

"ሥራውን ጠይቄያለሁ" አለ አባቷ፣ ዓይኑን ከመሬት ሳያነሳ።

አቶ ቂርቆስ ወደ ጉዳዩ ለመመለስ ቸኮሉ። ለሽማግሌ የተባለ እሺ አይመለስም፣ ምክንያቱ ምንም ቢሆን ቃል ወጥቷል አሉ። እውነትም እኛ ዘንድ እንዲህ ነው። ኢቢሴ ያን ሰዓት ቤቱን በእጇ ይዛዋለች። ዝም ብላ ብትቆም ይበቃት ነበር፤ ጋሽ እሸቴ ቃሉን አጥፎ ሰፈር ውስጥ ቀና ብሎ የሚሄድ ሰው አይደለም። ፊቷን አይ ነበር። የምታየው ግድግዳውን ሳይሆን እሱን ነው፤ እንደዚያ አንሶ ወንበሩ ላይ የተቀመጠውን ሰውዬ።

"አይሆንም" አለች። "ቃላቸው ይመለስላቸው። ያልሰሙትን ነገር ነው እሺ ያሉት።"

አቶ ኤዶሳ ራሳቸውን ነቅንቀው ቃሉን መለሱለት። ከዚያ ኢቢሴ አንድ ነገር ብቻ ለመነችው፤ ከመወሰንዎ በፊት ወጥተው ከመንገዱ ማዶ ቤቱን ይዩልኝ አለችው።

ይህ ልመና ቀላል ይመስላል። የሴንት ፖልን አኗኗር ለሚያውቅ ግን ቀላል አይደለም። እዚህ ሰው መኪናውን የሚያቆመው ከቤቱ ኋላ አሊ በሚሉት ጠባብ መንገድ ነው፣ የሚገባውም በጓሮ ነው። ጋሽ እሸቴ ፖርቹ ላይ ተቀምጦ መንገዱን ሲያይ ዓመታት አልፈዋል፤ ከመንገዱ ሆኖ ቤቱን ግን አይቶት አያውቅም ማለት ይቻላል። ፋና ክንዱን ይዛ አሻገረችው። እኛም ተከተልን። ሦስት ሽማግሌ፣ አንድ ጋቢ፣ ሁሉም አንጋጦ ቤት ሲያይ፣ መኪኖች ፍጥነት ቀንሰው ያልፉ ነበር።

ብዙ ቆየ። ጣሪያውን ከጫፍ እስከ ጫፍ በዓይኑ ተከተለው። ሁለቱን መስኮቶች አስተያየ።

"የኔ ወገን ቆሽሿል" አለ በመጨረሻ። እውነቱን ነው፤ በእሱ በኩል ቀለሙ እንደ ዓሣ ቅርፊት ተነሥቷል። ከዚያ የሆዱ ቀስ እያለ ወጣ። ጉልበቱ ከታመመ ወዲህ መሰላል ላይ አይወጣም። ሰው መለመን አይወድም። ሻጩ ከእንግዲህ ዕድሜ ልክህን ብሩሽ አትይዝም ሲለው የሰማው ሌላ ነገር አልነበረም፤ መስኮቱን አነሣለሁ ሲለውም ልብ አላለውም።

"መሰላሉን ረጋሳ ይወጣል" አለች ኢቢሴ ወዲያው። "የእርስዎንም የኛንም።"

ረጋሳ ታክሲውን አቁሞ ገና መምጣቱ ነው። "እኔን ማን ጠየቀኝ?" አለ። ፋና "ዛሬ ማንም አልተጠየቀም" አለችው።

ጋሽ እሸቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። "እሺ፣ ይቀባ" አለ። "ቀለሙን ግን የምመርጠው እኔ ነኝ።"

ኢቢሴ ደነገጠች። "ክሬም ነው ጋሽ እሸቴ። እንዲህ ያለ ቤት የሚያምረው በክሬም ነው።"

"አንቺ ባሕር ዳር ነበርሽ" አላት። "ባሕሩ ግራጫ፣ ሰማዩ ግራጫ፣ ክሬም ያምራል፣ ራስሽ ነግረሽኛል። እዚህ ኅዳር ሲመጣ ሰፈሩ በሙሉ ክሬም ነው፣ እስከ ሚያዝያ። በረዶ ላይ ክሬም ቀብተሽ ቤትሽን በምን ታገኚዋለሽ? ማንጎ ነው የምፈልገው። የበሰለ ማንጎ።"

አቶ ቂርቆስ "በረዶውስ እውነቱን ነው" ብለው አጉተመተሙ። ኢቢሴ ቤቱን እያየች ቆመች። ያ ክሬም ከሆቭ ይዛው የመጣችው ብቸኛ ነገር ነው ብል አላጋነንኩም፤ ሁለት ክረምት ሙሉ በዓይኗ ቀብታዋለች።

"መስኮቱ አይነካም?" አለችው።

"አይነካም።"

"ዓምዶቹስ?"

"አንቺ ልጅ፣ አይነካም አልኩሽ እኮ። ነገ ከፋና ጋር ሄጄ ውሉን አፈርሳለሁ።"

"እንግዲያው ማንጎ ይሁን" አለች፣ መድኃኒት እንደሚውጥ ሰው።

ውሉ ፈረሰ። ነሐሴ ላይ ቤቱ ተቀባ። እኔም ሁለት ቅዳሜ ብሩሽ ይዣለሁ፣ ስለዚህ ያየሁትን ነው የምናገረው። አሮጌው ቀለም ተፋቀ፣ እንጨቱ ታሸ፣ ማንጎው ወጣበት። ረጋሳ በቀኝ መሰላል፣ ኢቢሴ በግራ። ጋሽ እሸቴ ወንበሩን ከመንገዱ ማዶ አስቀምጦ እንደ መሐንዲስ ያዝዛል፤ ወደ ላይ፣ ወደ ጥግ፣ እዚያ ጋ ዘለልክ። ኢቢሴ እንደታዘዘችው ትቀባለች። መስኮቱ ያበጠበት ጋ ስትደርስ ግን ብሩሹን እንደ ኩል ነበር የምትይዘው፤ ቀለሙን ባትወደውም እጇ ቅርጹን እየተከተለ ነው። ሲያልቅ ቤቱ ሁለት በር ያለው አንድ ትልቅ ማንጎ መሰለ። ከማዶ ሆኖ ላየው የቱ ጋ የማን እንደሚጀምር አይታወቅም።

በመጨረሻው ቀን አንዲት ፈረንጅ ሴትዮ ውሻዋን ይዛ ስታልፍ ጋሽ እሸቴ አጠገብ ቆመች። ቤቱን አየች፣ ራሷን ወደ አንድ ጎን ዘንበል አድርጋ እንደገና አየች። ወዳው ይሁን ደንግጣ ፊቷ አያስታውቅም። ይህን ቀለም የመረጠው ማነው ብላ ጠየቀችው።

ጋሽ እሸቴ ፊቷን አጠና። ነገሩ ወዴት እንደሚሄድ አላማረውም መሰለኝ፣ ጣቱን ወደ ግራው መሰላል ዘረጋ።

"እሷ ናት" አለ።

ኢቢሴ ሰምታዋለች። ጸጉሯ ላይ፣ ግንባሯ ላይ፣ ክንዷ ላይ ማንጎ አለ። ጋሽ እሸቴን አንዴ ገላመጠችው። ከዚያ መሰላሉ ላይ እንዳለች ወደ ሴትዮዋ ዞረች።

"አዎ፣ እኔ ነኝ" አለቻት፣ ብሩሹንም ነክራ ወደ ሥራዋ ተመለሰች።